የትራውደ ትከሻ

ኤደልትራውድ ክሌም ትከሻዋን ታማ አታውቅም። ጥርሷን ታማለች፤ ኋላ ጉልበቷንም ታማለች፤ አንድ የበረዶ ወራት ሳንባዋን ይዟት ወር ሙሉ ተኝታለች። ትከሻዋን ግን አንድ ቀን እንኳ አሟት አያውቅም። ይህ ከሁሉ በፊት ይነገር፤ ሃያ ስምንት ዓመት የተሟገተችው በዚሁ ነውና።

የተወለደችው ቬትስሌበን ነው፤ ዛለ ወንዝ ዳር። አንድ የስኳር ፋብሪካ፣ አንድ ድልድይ፣ ከድልድዩ በላይ አንድ ግድብ፣ ጫፉ በጦርነቱ ተመትቶ ሳይጠገን የቀረ አንድ የቤተ ክርስቲያን ማማ። ወንዶቹ ወይ ፋብሪካ ናቸው ወይ የጭነት ጀልባ ላይ። ልጆቹ ብስክሌት ሳይነዱ መቅዘፊያ ይይዛሉ። የትራውደ አባት ሩሲያ ዘምቶ በዚያው ሲቀር ለቤቱ የተወው ሁለት ልጆች፣ አንድ የግድግዳ ሰዓትና አንድ ተጣጣፊ ታንኳ ነበር፤ አጥንቱ እንጨት፣ ቆዳው ጎማ፣ ተፈታትቶ ከረጢት የሚገባው ዓይነት።

ትራውደ የሚሏት ሁሉም ናቸው። ኤደልትራውድ ብሎ የሚጠራት የፋብሪካው ደሞዝ ከፋይ ብቻ ነበር። ጆንያ መስፊያ ክፍል ትሠራለች፤ ከዚያ ስትወጣ ወንዝ ወርዳ ትቀዝፋለች። ከሁለቱ የትኛው ትከሻዋን እንዳሰፋው እግዜር ይወቅ፣ ብቻ ልብስ ሰፊዋ ለሷ ስትለካ ሜትሯን ሁለት ጊዜ ነበር የምታይ። የጆንያ ክፍል ሴቶች እንደሆኑ አፋቸው አይያዝም። አንቺን የሚያገባሽ መጀመሪያ በሩን ያስፋ ይሏታል። እሷም በሩን ማስፋት የሚከብደው ከሆነ እዚያው ውጭ ይቅር ትላለች፤ መርፌዋን ሳታቆም።

አሰልጣኟ ኩርት ራይኒከ ይባላል። በጦርነቱ ሁለት ጣቱን ያጣ፣ ቃል የሚቆጥብ ሽማግሌ። ፒፓውን በጥርሱ፣ ሰዓቱን በእጁ ይዞ ወንዝ ዳር በብስክሌት ይከተላታል። ውሃውን አትምቺው፣ ያዢው ይላታል። ከዚህ ሌላ ምክር ሲሰጥ የሰማ የለም። ከሷ ጋር የምትቀዝፈው ማርሊስ ኔት ነበረች፤ ከዘጠኝ ዓመታቸው ጀምሮ ጓደኛዋ፣ ያው መንገድ ላይ ሦስት ቤት አለፍ ብላ የምትኖር። ልጆች ሳሉ በሁለቱ መካከል የነበረው ብስክሌት አንድ ነው፤ አንዷ ስትነዳ አንዷ ኋላ ትቀመጣለች፤ ዳገት ላይ ደግሞ ሁለቱም ወርደው ይገፋሉ።

እንግዲህ ያን ጊዜ አገሩ ሁለት ነው። ሁለት መንግሥት፣ ሁለት ገንዘብ፣ በፈረንጆቹ ስልሳ አንድ ደግሞ በርሊን ላይ ግንብ፣ በቀረው ወሰን ሽቦ። ያኛውን ወገን ማዶ እንለዋለን። ኦሎምፒክ ሲመጣ ግን አንድ ሆናችሁ ካልመጣችሁ አትምጡ ስለተባለ አንድ ቡድን ይላካል። ባንዲራው ጥቁር፣ ቀይና ወርቃማ ሆኖ መሀሉ ላይ አምስት ነጭ ቀለበት አለው፤ መዝሙሩ የዚህም የዚያም አይደለም። ተፋትተው የማይነጋገሩ ባልና ሚስት ሰርግ ተጠርተው ክንድ ለክንድ ተያይዘው ሲገቡ አይታችሁ እንደሆነ፣ ያ ነው።

ታዲያ ማን ይሂድ? እርስ በርስ ይወዳደሩና ያሸነፈ ይሄዳል። አንድ ጊዜ እዚህ፣ አንድ ጊዜ ማዶ። ከዚያ የስሙ ዝርዝር ይቆጠራል፤ ብዙ ሰው ያስገባው ወገን የቡድኑን መሪ ይሾማል። ለሹሞቹ ከሜዳሊያው ይልቅ የሚያንገበግባቸው ይህ ቆጠራ ነበር። አንድ ራስ ጎደለ ማለት እንቅልፍ ማጣት ነው።

በስልሳ አራት የቶኪዮው ተራ ሆነ። በመጀመሪያው ውድድር፣ እኛ ወገን በተደረገው፣ ትራውደ አንደኛ ወጣች። ሁለተኛ የማዶዋ ኡተ ብሬመካምፕ፣ ሦስተኛ ማርሊስ። ሁለተኛው ውድድር ማዶ ነበር፤ እዚያም ያው ሆነ፤ አንደኛ ትራውደ፣ ሁለተኛ ኡተ፣ ሦስተኛ ማርሊስ። ከአምስት መቶ ሜትሩ በኋላ ኡተ ታንኳዋን አስጠግታ፣ ትንፋሿ ሳይመለስ፣ ጠባቂዎቹ እንዳይሰሟት ዝቅ ብላ ትከሻሽን ከየት ነው ያመጣሽው አለቻት።

ትራውደም «ከስኳር ፋብሪካ» አለቻት። ሁለቱም ሳቁ።

ያን ቀን ከወንዙ ዳር አንድ ሰው ቆሞ ባርኔጣውን ያውለበልብ ነበር። ታላቅ ወንድሟ ዚግፍሪድ ነው። ግንቡ ሊሠራ አራት ቀን ሲቀረው ሻንጣ እንኳ ሳይዝ ማዶ የተሻገረ፣ ለገና በዓል ካርድ ከመላክ በቀር ድምፁ ጠፍቶ የኖረ። ሦስት ዓመት አላየችውም። መሬት ላይ ሆና ብታየው አንገቷን አዙራ ታልፍ ነበር፤ እንዲህ ያለውን ነገር እኛ ከልጅነታችን አውቀን ነው ያደግነው። ውሃ ላይ ግን ነበረች፤ ማሸነፏን ገና አሁን አውቃለች። መቅዘፊያዋን ከራሷ በላይ አንስታ ሰላም አለችው። ይህችው ናት ስሕተቷ። አንድ ሰው ሰዓቷን ሲጽፍ ሌላ ሰው ሰላምታዋን ጻፈ።

ቬትስሌበን በደስታ ተቀበለቻት። ያን ዓመት ፕሪሙ ቅርንጫፍ እስኪሰብር አፍርቶ ነበር፤ ተርቡም እንደዚያው። እናቷ ፍሪዳ ሁለት ትሪ ሙሉ የፕሪም ኬክ ጋግራ ለመንገዱ ሰው አበላች። ሥጋ ሻጩ ኖይማን ቶኪዮ ውስጥ ቋሊማ ይኑር አይኑር አጣርታ እንድትጽፍለት አደራ አላት።

በሳምንቱ ከወረዳው የስፖርት ጉዳይ ጓድ ሊንደማን መጣ። ፀጉሩን በውሃ አጣብቆ የሚያበጥር፣ ሲናገር እስክሪብቶውን ከፈት ዘጋ የሚያደርግ ሰው። ፋብሪካው ቢሮ አስጠርቶ አስቀመጣት፤ ቶኪዮ ሩቅ ነው አላት። እሷም አውቃለሁ አለች። ወንድምሽ ደግሞ ቅርብ ነው አላት። እዚህ ላይ ገባት፤ ያችን ሰላምታ አይተዋል፣ እንደ ወንድሟ ትሸሻለች ብለው ፈርተዋል። እንደማትሄድ ተወስኗል፤ ለምን ብሎ መጠየቅ የለም። ግን አንድ ነገር ቀርቷል። በሁለቱ ወገን ስምምነት መሠረት ያሸነፈችው ብትታመም ከራሷ ወገን ቀጥላ ያለችው ትተካለች፤ እንዲሁ ብትቀር ግን ቦታው ለሁለተኛዋ፣ ለማዶዋ ይሆናል። ለሕመም ሁለት ነገር ያስፈልጋል፤ የራሷ ፊርማና የሐኪም ማኅተም። ጓድ ሊንደማን ወረቀቱን አዙሮ ወደሷ ገፋው። በግራ ትከሻዬ ላይ በደረሰ ከባድ ሕመም ምክንያት በራሴ ፈቃድ፣ ይላል።

ትራውደ ትምህርቷ ስምንተኛ ክፍል ነው፤ ቀስ ብላ ሦስት ጊዜ አነበበችው።

«ትከሻዬ ደህና ነው፣ ጓድ ሊንደማን» አለች።

«የጠየቀሽ የለም።»

«ታዲያ ፊርማዬን ለምን ይጠይቁኛል?»

እስክሪብቶውን ዘጋ። ከዚያ በለሰለሰ ድምፅ ያስረዳት ጀመር። ከፈረመች ክለቡ ውስጥ ትቆያለች፣ ከአራት ዓመት በኋላ ደግሞ ሌላ ኦሎምፒክ አለ፣ የእናቷም የቤት ማመልከቻ ቶሎ ይታያል። ካልፈረመች ግን ውሃ የሚባል ነገር አታይም። የስም ዝርዝሩ ሰኞ ሳምንት ለማዶዎቹ ይሰጣልና እስከዚያ አስቢበት አላት። እሷም አስቤያለሁ ብላ ተነሥታ ወደ ጆንያዋ ተመለሰች።

ማሰቡ ግን የእሷ ብቻ አልሆነም። እናቷ ማታ ድንች እየላጠች አንዱ ሸሸ፣ አንዷ ደግሞ ግንባር ለግንባር ትጋጫለች፣ እኔ መካከለኛ ልጅ ሳልወልድ ቀረሁ አለች። ፈርሚ፣ ወንዙ የትም አይሄድም አለቻት። ራይኒከ በበኩሉ በሦስተኛው ቀን ሰዓቱን አውጥቶ አሳያት። እኔ የማውቀው ይህን ነው፣ ይህ ደህና ነሽ ይላል አላት። ፈርሚም አትፈርሚም አላላትም። ጡረታው አንድ ዓመት ነበር የቀረው፤ ማንም አልፈረደበትም።

ሐሙስ ዕለት ማርሊስ መጣች። ሌላ ጊዜ ሳታንኳኳ ነበር የምትገባው፤ ያን ቀን አንኳኳች። ቤት ሳትገባ ደረጃው ላይ ተቀመጠች፤ ትራውደም አጠገቧ ተቀመጠች። ቶኪዮ የምትተካው እሷ መሆኗን ነግረዋታል፤ የክት ልብሷንም ለክተውላታል። ብዙ ጊዜ የጫማዋን ማሰሪያ ስትፈታና ስታስር ቆየች።

«አንቺ እንደሆን አትሄጂም» አለች። «ፈረምሽም አልፈረምሽም አትሄጂም። ታዲያ ለማን ብለሽ ነው? ለማዶዋ?»

«ሳልታመም ታምሜያለሁ ልበል?»

«አንዲት ቃል እኮ ናት፣ ትራውደ።»

«ቀላል ከሆነች አንቺ ታመሚልኝ።»

«እኔ ሦስተኛ ነኝ። እኔ ብታመም ማን ይጠይቀኛል?»

ይህ የትራውደን አንጀት በላው። እጇን ልትይዛት ፈለገች። ግን ስትናገር ከአፏ የወጣው ሌላ ሆነ። «እኔ አንደኛ፣ ኡተ ሁለተኛ፣ አንቺ ሦስተኛ። ውሃው ያለው እንዲህ ነው፤ ሁለት ጊዜ ነው ያለው። እኔ ከቀረሁ ቦታው የሷ ነው፣ ማዶም ብትሆን።»

ማርሊስ ተነሥታ ቀሚሷን አራገፈች። በልጅነታችን ዳገቱን አብረን ስንገፋ አንደኛና ሁለተኛ አልነበረም አለች። ይህን ብላ ሄደች። ሦስት ቤት ነው የሚለያያቸው፤ ከዚያ ቀን በኋላ ግን ባሕር ሆነ።

ቅዳሜ ጠዋት ጋዜጣው ወጣ። በስተጀርባው ገጽ፣ ከእግር ኳሱ በታች። ቀዛፊዋ ኤደልትራውድ ክሌም በግራ ትከሻዋ ሕመም ምክንያት ክንዷን ማንሳት እንኳ ስላልቻለች ከቶኪዮው ጉዞ ቀርታለች፣ ይላል። ገና ሳትፈርም። አንዴ አገር ካወቀው በኋላ ምን ታደርጋለች ብለው ነው። ጆንያ ክፍል ውስጥ አንዷ ጋዜጣውን ጮክ ብላ ስታነብ፣ ትራውደ የታሰረ የጆንያ ክምር በዚያው በግራ ትከሻዋ ተሸክማ በመካከላቸው ታልፋለች። ታመሻል አሉ እኮ አሏት። እኔም አሁን መስማቴ ነው አለች፤ ክምሩንም በቦታው ወረወረችው።

ማግስቱ እሑድ ውሃ የሚዘጋበት ቀን ነበር። በኛ አገር ቀዛፊ በረዶው ሲቀልጥ በጸደይ ውሃውን ይከፍታል፣ በመስከረም መጨረሻ እሑድ ይዘጋዋል። ቬትስሌበን ውስጥ ደግሞ ያን ቀን የሚንሳፈፍ ነገር ያለው ሁሉ ወንዝ ይወርዳል፤ ታንኳ ያለው በታንኳ፣ የሌለው በልብስ ማጠቢያ ገንዳ፣ ጎረምሶቹ በርሜል አስረው። በዚያ ቀን ከውሃው ውጣ የሚባል ሰው የለም። በንጉሡ ዘመን አልተባለም፣ ያ ጦርነቱን ያመጣው ባለ ጢሙ ሰውዬ በነበረበት ጊዜም አልተባለም፤ አያቶቻችን የተዉልን ነው። ጓድ ሊንደማን የወረዳ ሰው ስለሆነ ይህን አያውቅም። የትራውደን የውድድር ታንኳ አዲስ ቁልፍ አስቆልፎበት በቂ መሰለው።

ትራውደ በጠዋት ተነሥታ የአባቷን ከረጢት ከጣሪያው ሥር አወረደች። እንጨቶቹን ጓሮ ዘርግታ አንድ በአንድ ገጣጠመች። የጎማው ቆዳ ሁለት ቦታ ተሰንጥቋል። ዞር ስትል እናቷ የብስክሌት ጎማ መለጠፊያና መቀስ ይዛ ከበሩ ቆማለች። ፍሪዳ ጉልበቷን ሣሩ ላይ አድርጋ የቀኙን ቀዳዳ ለጠፈች፤ ትራውደ የግራውን። ከዚያ ሁለቱ ተሸክመውት በመንገዱ መካከል ወረዱ፤ እናትየው ከፊት።

ድልድዩ ሥር ሰገነት በጣውላ ተሠርቷል፤ ሹሞቹ፣ የፋብሪካው ሐኪም ዶክተር አልብሬሽት፣ በመካከላቸው ጓድ ሊንደማን። የቋሊማው ጢስ፣ ሰናፍጩ፣ የፋብሪካው የትንፋሽ መሣሪያ ባንድ። ሁሉ ሰው በወራጁ ውሃ ከላይ ወደ ታች ይሄዳል፤ ባለድምፅ ማጉያው የያንዳንዱን ስም እየጠራ ያሾፋል። ሥጋ ሻጩ ኖይማን በገንዳ ውስጥ ተቀምጦ በሲሚንቶ አካፋ ሲቀዝፍ አልፏል። ማርሊስ ቀይ የውድድር ታንኳ ላይ ሆና የክለቡን ሰልፍ ስትመራ አልፋለች፤ ፊቷ ቀጥ ብሎ።

ከዚያ ከታች፣ ውሃውን ፊት ለፊት ይዛ፣ ትራውደ ብቅ አለች። ዛለ በዚያ ቦታ ግድቡን ዘሎ ስለሚወርድ ይገፋል፤ ጎረምሳ እንኳ በውድድር ታንኳ ያምጣል። እሷ በዚያ ሰፊ፣ የተለጣጠፈ፣ የጎማ ነገር ላይ ተቀምጣ ትወጣለች። አትቸኩልም። ባለድምፅ ማጉያው የሰማይ ስባሪ የወደቀበት መሰለ። አሁን ደግሞ በተጣጣፊ ታንኳ ላይ፣ ብሎ ጀመረና ጋዜጣውን ማንበቡ ትዝ ሲለው ድምፁ ተቆረጠ። የትንፋሽ መሣሪያውም በየተራው አንድ አንድ እያለ ቆመ። ውሃውን የምትይዝበት ድምፅ ብቻ ይሰማ ነበር።

ሰገነቱ ፊት ስትደርስ ታንኳዋን አቆመች። በሚገፋ ውሃ ላይ ታንኳ ማቆም ከመሄድ ይከብዳል። በግራዋ፣ በግራዋ ብቻ እየያዘች አንድ ክንድ ወደ ኋላ ሳትል ቆየች። ቀጥላ ሁለት ጊዜ አጥብቃ ቀዘፈችና ታንኳው በተወረወረበት ቅጽበት መቅዘፊያውን በግራ እጇ ብቻ ከራሷ በላይ አነሣችው። ክንዷ እንደ ምሰሶ ቀጥ አለ። ሐኪሙን አየችው።

ከወንዙ ዳር አንድ የጀልባ ሰው፣ ሆርስት የሚባል፣ «ዶክተር፣ ምን ይመስልዎታል?» ሲል ተሰማ።

መጀመሪያ አንዲት አሮጊት ሳቀች። ከዚያ ድልድዩ ላይ ያለው፣ ዳር ያለው፣ ገንዳ ውስጥ ያለው ሳቀ። የትንፋሽ መሣሪያ ተጫዋቾቹም አፋቸው ከመሣሪያው ላይ ስለተነሣ ሳቁ። ዶክተር አልብሬሽት መነጽሩን አውልቆ በጣም ረጅም ጊዜ ጠረገው። ጓድ ሊንደማን አንዱን ፖሊስ ያችን ሴት ከውሃው አውጣ አለው። ፖሊሱ የቬትስሌበን ልጅ ነው። ዛሬ አይቻልም፣ ጓድ፣ ዛሬ ውሃ የሚዘጋበት ቀን ነው አለ። ትራውደ እስከ ግድቡ ወጥታ ተመለሰች፤ እንደገና ወጣች። ሦስት ጊዜ። በሦስተኛው ሰው መሳቁን ትቶ ባርኔጣውን አውልቆ ነበር።

ሰኞ ዕለት ሐኪሙ ማኅተሙን ከመሳቢያው አላወጣም። ይህን ትከሻ እኔ ብቻ አይደለሁም ያየሁት፣ ከተማው ነው ያየው አለ። ወረቀቱ ያለ ፊርማ፣ ያለ ማኅተም መዝገብ ውስጥ ተቀበረ። ቶኪዮ የሄደችው ኡተ ሆነች። የሚገርመው፣ ያ የተፈራው ቆጠራ ሲደረግ ያችው አንድ ራስ ጎድላም ብልጫው ለኛ ወገን ሆነ፤ መሪውም ከኛ ተሾመ። ለምንም አልነበረም ማለት ነው።

ትራውደ ከክለቡ ተባረረች። ከጆንያ ክፍል አውጥተው ስኳር የሚወጣበት ሥር የሚታጠብበት ቤት አስገቧት፤ ከመስከረም እስከ ገና እጅ እስከ ክርን በረዶ ውሃ ውስጥ። ሴቶቹ ግን በምሳ ሰዓት ከምድጃው አጠገብ ያለውን ወንበር ማንም እንዳይቀመጥበት አደረጉ። ያን ነገር ያዘዘ የለም። በኋላ ያን የጀልባ ሰው፣ ሆርስትን አገባችው። በሩን አስፍቶ እንደሆነ ሲጠየቅ ጀልባ ላይ በር ምን ያደርጋል ይል ነበር።

ከዚያ በኋላ ሁለቱ ወገን ለየብቻ መሄድ ጀመሩ። የኛው ሜዳሊያ እንደ በረዶ ወረደለት። ትራውደ ቀዘፋውን በቴሌቪዥን ስታይ ድምፁን ዘግታ በግድግዳው ሰዓት ትቆጥር ነበር። ማርሊስ ለሜክሲኮ ሞክራ ነበር፤ ታናናሾቿ ቀደሟት። እሷም ይህን ሁሉ ከትራውደ ቆጠረችው። ሁለቱ በአንድ መንገድ ላይ እየኖሩ አይነጋገሩም። አንድ ጊዜ ዳቦ ቤት ሰልፍ ላይ ተገናኙ። ማርሊስ ለባለ ዳቦው፣ ሁሉ ሰው እየሰማ፣ መጀመሪያ ለታማሚዋ ስጣት አለችው። ትራውደም ዳቦዋን ተቀበለችና «እግዜር ይስጥልኝ፤ ሦስተኛዋንም አትርሳት» አለች። ከተማው ሳምንት ሙሉ ይህን ሲያወራ ከረመ። ትራውደ ያን ቀን ቤቷ ገብታ አልቅሳለች። ጠይቃችኋት ቢሆን ሽንኩርት ነው ትላችሁ ነበር።

ግንቡ ወደቀ። አገሩ አንድ ሆነ፤ ፋብሪካው ተዘጋ። በዘጠና ሁለት ባርሴሎና ሲደርስ ለበጋው ኦሎምፒክ እንደገና አንድ ቡድን ሊሄድ ሆነና ማዘጋጃ ቤቱ መግቢያው ላይ የከተማችንን ስፖርተኞች የሚያሳይ ሰሌዳ አቆመ። ትራውደ ሐምሳ ዓመቷ ነው። ሆርስት ከሞተ ሁለት ዓመቱ። የገበያ ቅርጫቷን ይዛ ስታልፍ የገዛ ፊቷን አየች፤ ከሥሩ «ኤደልትራውድ ክሌም። ለቶኪዮ አልፋ በትከሻ ሕመም ያልተሳተፈች» የሚል ጽሕፈት።

ቅርጫቷን እዚያው አስቀምጣ ፎቅ ወጣች። የባህልና የስፖርት ጉዳይ የያዘው አቶ ፎስ ከማዶ የመጣ ወጣት ነው፤ ያን ጊዜ ወንበሩ ሁሉ በማዶዎች ተይዞ ነበር። ጨዋ ነው፣ ወንበር ሳበላት። እርስዎን ለማክበር ነው እኮ አላት። ታምሜ አላውቅም አለችው። መዝገቡን አመጣ፤ ያችው ወረቀት፣ ፊርማ የሌላት፣ ማኅተም የሌላት።

«ያልተፈረመ ወረቀት ማስረጃ ከሆነ» አለች ትራውደ፣ «ለምን ያን ጊዜ እንድፈርም ያን ያህል ለመኑኝ?»

አቶ ፎስ ይህን አሰበበትና ጋዜጣውም እንዲሁ ይላል አለ። ከፈለጉ ምክንያቱን እናጠፋዋለን፣ እንዲሁ ያልተሳተፈች ይባል አላት። አልፈልግም አለች። እንዲሁ የቀረች ሰነፍ አስመሰላችሁኝ፤ ምክንያቱን ጻፉ፣ እውነተኛውን። ለዚያ እንግዲህ ምስክር ያስፈልጋል፣ የዚያን ጊዜ ነገር ከውስጥ የሚያውቅ አላት። ትራውደ በጣቷ ቆጠረች። ራይኒከ ሞቷል። ዶክተሩ ሞቷል። እናቷ ሞታለች። ለኡተ እንጻፍ ወይ ሲላት ኡተ እዚህ አልነበረችም፣ ምን ታውቃለች አለች። አንድ ሰው ነበረች የቀረችው፤ ስሟን አልጠራችም።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል። አንዳንዱ እውነት ግን ካላጠሩት ዝም ብሎ ደፍርሶ ይቀመጣል። ትራውደ ሦስት ቀን ቤቷ ተቀምጣ ጠበቀች፤ ምን እንደምትጠብቅ ራሷም አታውቅም። ማርሊስን መለመን አልሆነላትም። በአራተኛው ቀን ስሜን ጨርሳችሁ አውርዱልኝ፣ ከሐሰት ባዶ ይሻለኛል ልትል ማዘጋጃ ቤት ሄደች።

የአቶ ፎስ በር ገርበብ ብሏል። ማርሊስ ውስጥ ናት። የማዘጋጃ ቤቱ ጽዳት ሠራተኛ ምስክር መፈለጉን በመንገዱ ሁሉ ነግራ ነበርና፣ ለቤተ ክርስቲያን የምትለብሰውን ካፖርት ለብሳ መጥታለች፤ በሐምሌ፣ በዚያ ሙቀት። ትራውደ ገባች። ማርሊስ ዞራ አላየቻትም።

«ይጻፉ» አለች ለአቶ ፎስ። «ደህና ነበረች። እንደ በሬ ደህና ነበረች።»

አቶ ፎስ እስክሪብቶውን ይዞ ሁለቱን እያፈራረቀ አየ። እርግጠኛ ነዎት ወይ አላት።

«እኔ ነበርኩ እኮ የምተካት። ቀሚሱን ለክተውልኝ ነበር። ቶኪዮን ከእጄ ያወጣችብኝ ጤነኛ ሴት ናት። በበሽተኛ ምክንያት ይህን ሁሉ ዓመት አልተኳረፍኩም፤ ያን ያህል ሞኝ አይደለሁም።»

ታዲያ ለምን ቀረች ሲል ሁለቱም እኩል ተናገሩ። ትራውደ ከለከሉኝ አለች፣ ማርሊስ ከለከሏት አለች። ወንድሟን ሰላም ስላለች፣ በመቅዘፊያ፣ ብላ ማርሊስ ጨመረች። አቶ ፎስ እንዲህ ያለ ነገር ሰምቶ አያውቅም መሰለኝ፣ መቅዘፊያ የሚለውን ደግማ እንድትነግረው ጠየቃት። ሰሌዳው ላይ ያለው ቦታ ሁለት መስመር ብቻ ነው አላቸው።

«አጥብበው ይጻፉ» አለች ማርሊስ። «ከሥሩ ደግሞ ሁለተኛ ኡተ ብሬመካምፕ፣ ሦስተኛ ማርሊስ ኔት ይበሉ። ውሃው ያለው እንዲህ ነው።»

የምስክርነቱን ወረቀት ፈረመች። ትራውደም እንድትፈርም ወረቀቱ ወደሷ ተገፋ። ተቀምጣ፣ መነጽሯን አድርጋ፣ እንደ ልማዷ ሦስት ጊዜ አነበበችው፤ ማርሊስ ካፖርቷ ውስጥ እያላበች ቆማ ጠበቀቻት። ከዚያ ፈረመች።